በትንሽ ሚና የተገኘ ክብር

ጥያቄ፦ እኔና ጓደኞቼ የሜክሲኮ ፊልሞችን አዘውትረን እናያለን። ኤርኔስቶ ጎሜዝ ክሩዝ በአብዛኛው መሪ ተዋናይ ሳይሆን እንዴት ይህን ያህል ሊከበር ቻለ? (ከጎንደር፣ አዘዞ)

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ እንደ እኔ እምነት ምሥጢሩ በአጭር ሚና ውስጥ ሙሉ ሰው ማሳየት መቻሉ ነው። እ.ኤ.አ. በ1933 በቬራክሩዝ ግዛት የተወለደው ይህ ተዋናይ በ1967 «ሎስ ካይፋኔስ» በተሰኘው ፊልም ከታወቀ በኋላ፣ ቴሌኖቬላ የሚባሉትን ተከታታይ ድራማዎች ጨምሮ ለዐሥርት ዓመታት ሠርቷል። በተለይ የግብፃዊው ናጊብ ማሕፉዝ ልቦለድ ከካይሮ ወደ ሜክሲኮ ከተማ ተዛውሮ በ1995 በተሠራው «ኤል ካዬሆን ደ ሎስ ሚላግሮስ» በተሰኘው ፊልም፣ የመጠጥ ቤት ባለቤቱን ዶን ሩን ሆኖ መተወኑን ፈልገው ቢያዩት እመክራለሁ። በ2014 የሜክሲኮ የፊልም ሽልማት የሆነውን የወርቅ አሪየል ተቀብሎ፣ በሚያዝያ 2024 በ90 ዓመቱ ዐርፏል።