ዊልያም ካሜሮን ሜንዚስ፦ የመጀመሪያው ፕሮዳክሽን ዲዛይነር (ጥያቄና መልስ)

ሜንዚስ (1896–1957) ለአርት ዳይሬክሽን (ፊልም የሚቀረጽበትን ቦታ ነድፎ ለማሠራት) የተሰጠውን የመጀመሪያውን ኦስካር በ1929 የወሰደ አሜሪካዊ ነው። ዓመታቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጥያቄ፦ አርት ዳይሬክተር እያለ «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» የሚል አዲስ ስም ለምን አስፈለገ?

መልስ፦ ሥራው ስለሰፋ ነው። አርት ዳይሬክተር ግንባታውን አሠርቶ ያስረክባል፤ ካሜራው የት ይቁም የሚለው በአብዛኛው የሌላ ሰው ጉዳይ ነበር። ፕሮዲዩሰሩ ዴቪድ ሴልዝኒክ ግን «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ»ን (1939) ሲያሰናዳ ፊልሙ ከቀረጻ በፊት በሥዕል ተዘርግቶ እንዲታየው ፈለገ። ሜንዚስ የካሜራውን ከፍታ፣ የብርሃኑን አቅጣጫና ቀለሙን በሥዕል ወሰነ፤ አዲሱ ስም የመጣው ለዚህ ሥራ ነው። ዳይሬክተሩ ኩከር ወጥቶ ፍሌሚንግ ገባ፣ መሐል ላይ ዉድ ተተካ፤ ይህ ሁሉ ዳይሬክተር ሲለዋወጥ ፊልሙ አንድ መልክ የያዘው፣ በእኔ እምነት፣ በእነዚያ ሥዕሎች ነው። ግንባታውን የመራው አርት ዳይሬክተር ላይል ዊለር ስለሆነ ሁለቱን አታምታቷቸው።

ጥያቄ፦ በ«ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» የሚታየው የአትላንታ ከተማ ቃጠሎ የእውነት ነው?

መልስ፦ እሳቱ አዎ፣ ከተማው አይደለም። ዲሴምበር 10 ቀን 1938 ሌሊት፣ ካልቨር ሲቲ በሚገኘው የስቱዲዮ ግቢ የቆሙ አሮጌ ግንባታዎች ፊታቸው ተለውጦ ነደዱ። ለአዲሱ ግንባታም ቦታ ተለቀቀ።

ጥያቄ፦ ሜንዚስ በነደፈው ፊልም በ«የባግዳድ ሌባ» (1924) ከተማው የሚንሳፈፍ የሚመስለው እንዴት ነው?

መልስ፦ ወለሉን እዩት። እንዲያብረቀርቅ ስለተሠራ ግንቡ ከሥሩ ተገልብጦ ይታያል። የእንዲህ ያለ ወለል ጠላቱ አቧራና የጫማ ዱካ ነው፤ ከእያንዳንዱ ቀረጻ በፊት ካልተወለወለ ነጸብራቁ ይሞታል።

ጥያቄ፦ ስቱዲዮዬ ጠባብ ነው። 6 ሜትር ኮሪደር 12 ሜትር እንዲመስል እንዴት ልሥራው?

መልስ፦ መጀመሪያ ካሜራውን ትከል። ከኮሪደሩ አፍ 3 ሜትር ርቆ፣ ሌንሱ ከወለል 1.5 ሜትር ከፍ ብሎ ይቁም እንበል። የኋላው ግድግዳ ከካሜራው በእውነት 9 ሜትር ይርቃል፣ መምሰል ያለበት ግን 15 ሜትር ነው፤ 9 ለ15 ሲካፈል 0.6። እንግዲህ ኋላ ያለው ሁሉ በ0.6 ይባዛል፦ 2.4 ሜትር ስፋት 1.44፣ 2 ሜትር በር 1.2 ይሆናል። ወለሉ ወደ ኋላ እየሄደ 60 ሳንቲ ሜትር ይወጣል፤ 3 ሜትር የነበረው ጣሪያም 60 ሳንቲ ሜትር ይወርዳል። ብዙዎች የሚረሱት ወለሉን ነው፤ ግድግዳው ጠቦ ወለሉ ሜዳ ከሆነ ዓይን ወዲያው ይነቃል። የግድግዳው ጌጥና የጣውላው ስፋትም ወደ ኋላ እየቀጠነ ይሂድ።

የሚበላሸው ሁለት ቦታ ነው። 1.7 ሜትር ቁመት ያለው ተዋናይ እስከ ኋላ ከሄደ 2.8 ሜትር ገደማ ይመስላል፤ ፊት ለፊት አስቀረው፣ ወይም ለሩቁ ልጅ አቁም። ካሜራውም ወደ ጎን ወይም ወደ ፊት ከተንቀሳቀሰ ማታለያው ይፈርሳል።

ጥያቄ፦ ስቶሪቦርዴ (ከቀረጻ በፊት የምሥለው የፍሬሞች ሥዕል) በወረቀት ያምራል፣ ቀረጻው ላይ ግን አልገጥም ይለኛል።

መልስ፦ ሌንስ ሳትመርጥ ስለሣልክ ነው። ፉል ፍሬም (የምስል መቀበያው 36 ሚሊ ሜትር ስፋት ያለው) ካሜራ ላይ 50 ሚሊ ሜትር ሌንስ በ4 ሜትር ርቀት የሚያየው 2.9 ሜትር ያህል ስፋት ብቻ ነው። አምስት ሰው ተራርቆ የቆመበትን ሥዕል እዚያ ውስጥ ማስገባት አይቻልም። የክፍሉን ፕላን በልኬት ሣል፣ የሌንሱን የዕይታ ማዕዘን በላዩ አስምር፣ ከዚያ ወደ ፍሬሙ ሂድ።

ጥያቄ፦ ዳይሬክተርም ነበር ይባላል።

መልስ፦ አዎ፣ «ቲንግስ ቱ ካም»ን (1936) እንግሊዝ አገር፣ «ኢንቬደርስ ፍሮም ማርስ»ን (1953) አሜሪካ ሠርቷል። ሁለተኛውን አስቀድማችሁ እዩ፤ የፖሊስ ጣቢያው ረጅም ባዶ ኮሪደር አዋቂዎች በልጅ ዓይን ምን ያህል የራቁ እንደሆኑ ያሳያል።