ባትሪውን ከመንቀላችሁ በፊት

ባለፈው ሰሞን አንድ ወጣት «ጋሼ፣ የድሮ የጌም ቦይ ካርትሪጄ ባትሪው እየሞተ መሰለኝ፣ ራሴ ልቀይረው?» ብሎ ጻፈልኝ። ጌም ቦይ በእጅ የሚያዝ የድሮ የጌም መጫወቻ ነው፣ ካርትሪጅ ደግሞ ጨዋታው ያለበት፣ እሱ ላይ የሚሰካው ትንሽ ሳጥን። መልሱ አጭር ነው፦ ቀይረው፣ ግን መጀመሪያ ሴቩን፣ ማለትም የተጫወትክበትን የተቀመጠ መዝገብ፣ ኮፒ አድርግ። ጥያቄው ግን አንድ የቆየ ነገር ቀሰቀሰብኝ።

ሜሪላንድ ውስጥ የኤሌክትሮኒክስ ጥገና ስሠራ አንድ የሐበሻ ልጅ ፖክሞን ሲልቨር የተባለ ጨዋታ ካርትሪጅ ይዞ መጣ። ልጅ እያሉ ከእህቱ ጋር እየተቀባበሉ የተጫወቱበት ነው። እህትየው ለፖክሞኖቹ (ጨዋታው ውስጥ ለሚያዙት ፍጥረቶች) በሙሉ የአክስቶቻቸውን ስም አውጥታላቸው ነበር። አሁን ልትዳር ነው። የመልሷ ዕለት አክስቶቿ ባሉበት ሊያሳያት ፈልጎ ነው የመጣው፣ ፊቱ ሁሉ ሳቅ ነበር።

ስናበራው «ኒው ጌም» ብቻ አለ። «ኮንቲኑ የሚለው የት ሄደ?» አለኝ። የካርትሪጁ ብሎን በተራ ካቻቢቴ አይፈታም፣ በልዩ መፍቻው ከፍቼ ባትሪውን በቴስተር ለካሁት። 3 ቮልት መሆን የነበረበት ዜሮ ሊገባ ምንም አልቀረውም። ጨዋታው ራሱ በማይጠፋ ቺፕ ላይ ነው ያለው፤ ሴቩ ግን ሁልጊዜ ኃይል የሚፈልግ ሜሞሪ ላይ ነው፣ ባትሪው ሲሞት ወይም ሲነቀል አብሮ ይጠፋል። ፖክሞን ጎልድና ሲልቨር ደግሞ ውስጣቸው ሰዓት አለ፣ ጌም ቦዩ ጠፍቶም እንኳ ባትሪውን ይበላል። ለዚህ ነው እ.ኤ.አ. በ1999 ወጥተው ከ1996ቱ ታላላቆቻቸው፣ ከመጀመሪያዎቹ የፖክሞን ጨዋታዎች፣ ቀድመው የሚሞቱት።

ያንገበገበኝ ሌላ ነው። ልጁ ከዚያ ቀደም ያንኑ ጌም ቦይ ቁልፉ አልጫን ብሎት አምጥቶልኝ ነበር። ቁልፉን ስሞክር ካርትሪጁ ውስጡ ነበር፣ «ኮንቲኑ» የሚለውንም በዓይኔ አይቻለሁ። ያኔ ሴቭ ኮፒ የሚያደርግ ዕቃ በእጄ አልነበረም። ዛሬ በዩኤስቢ የሚሰካ ትንሽ ማንበቢያ አለ፣ ሻያችሁ ሳይቀዘቅዝ ይጨርሳል። የአክስቶቹ ስም በሙሉ 32 ኪሎባይት ውስጥ ነበር። ከስልካችሁ አንድ ፎቶ ያንሳል!

ስለ ብየዳው ብዙ አልልም፣ ቪዲዮው ሞልቷል። ብቻ መበየጃውን ባትሪው ላይ አታሳርፉ፣ ሊፈነዳ ይችላል። እግር ያለውን ባትሪ ግዙ።

የዛሬ ልጆች ላይ የማልወደው ችኮላችሁን ነው። ለጌም ቦያችሁ መስታወት የመሰለ ቀፎና ደማቅ ስክሪን ትገዛላችሁ፣ የድሮውን አውጥታችሁ ቆሻሻ ውስጥ ትጥላላችሁ። አትጣሉት፣ በካርቶን አስቀምጡት። እውነቱን ለመናገር ግን የ2001ዱ ጌም ቦይ አድቫንስ የጀርባ መብራት ስለሌለው ማታ ዓይን ያጠፋል፣ አይፒኤስ የሚባለው አዲስ ደማቅ ስክሪን የገባለትን ሳይ እኔም ደስ ይለኛል።

ትዕግሥት ያላቸውም አሉ። በ2006 ጃፓን ብቻ የወጣውን ማዘር 3 የተባለ ጨዋታ አፍቃሪዎቹ ወደ እንግሊዝኛ ተርጉመው በ2008 በነፃ ለቀቁት። የለቀቁት ጨዋታውን ሳይሆን ለውጡን ብቻ የያዘ ፋይል ነው። በ2023 የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን ባወጣው ጥናት አሜሪካ ውስጥ ከወጡት የድሮ ጨዋታዎች 87 በመቶው ዛሬ ገበያ ላይ የሉም። እንደነዚህ ያሉ ሰዎች ካልያዟቸው ማን ይይዛቸዋል?

በአማርኛስ? ብዙ ጊዜ አስቤዋለሁ። ጌም ቦይ ላይ አንድ ፊደል በተለምዶ 8 በ8 ነጥብ ውስጥ ነው የሚገባው። እዚያ ላይ «ሉ» እና «ሊ» የሚለያዩት በሁለት ሦስት ነጥብ ነው። የመጀመሪያው ጌም ቦይ በአንዴ የሚይዘው እንዲህ ያለ ባለ 8 በ8 ትንሽ ሥዕል 384 ብቻ ነው፣ የእኛ ፊደል ብቻውን ከ230 በላይ ይወስዳል፣ ለዛፉና ለቤቱ ቦታ አይተርፍም። ስለዚህ በየገጹ የሚያስፈልገውን ፊደል ብቻ እየጫኑ መሄድ ነው። ይቻላል። ከእናንተ መሃል የጀመረ ካለ ይጻፍልኝ፣ የ«ጬ» እና የ«ጼ» ንድፍ በወረቀት ሠርቼ አስቀምጫለሁ።