ፋልኮኔቲ ከዣን ዳርክ በኋላ የት ገባች?

ጠያቂያችን የፈረንሳይዋን ጀግና የዣን ዳርክን ፍርድና ሞት በሚተርከው፣ «የዣን ዳርክ ሕማማት» በተሰኘው ድምፅ አልባ ፊልም መሪ ተዋናይት የነበረችው ሴት ማን እንደሆነች፣ ከዚያ በኋላም ለምን ከሲኒማ እንደጠፋች ጠይቀዋል።

ሬኔ ፋልኮኔቲ እ.ኤ.አ. በ1892 ከፓሪስ አጠገብ በምትገኘው በፓንታን ተወለደች። ብዙ ጊዜ «የአንድ ፊልም ተዋናይት» ትባላለች፤ ይህ ግን በ1917 የሠራቻቸውን ፊልሞች የዘነጋ አባባል ነው። በእኔ ግምት ጥያቄው ራሱ መገልበጥ አለበት፤ ቤቷ መድረክ ስለነበር ከሲኒማ ጠፋች ከማለት ይልቅ ለአጭር ጊዜ ጎብኝታው ተመለሰች ማለቱ ይቀላል። ዴንማርካዊው ዳይሬክተር ካርል ድራየርም ያገኛት በፓሪስ አንድ አነስተኛ ቲያትር ቤት ቀለል ያለ ኮሜዲ ስትሠራ ሲሆን፣ ለሙከራ ቀረጻ ሲጠራት ያለ ምንም ሜካፕ እንድትቀርብ ጠየቃት። በ1928 ለእይታ በበቃው ፊልም ካሜራው ፊቷን እጅግ ቀርቦ ስለሚያሳይ፣ የከንፈሯ መንቀጥቀጥና እንባዋ በጉንጯ ሲወርድ አንድም ሳይቀር ይታያል። ወደ መጨረሻው ጠጉሯ ሲላጭ የምናየውም የማስመሰል ሥራ አይደለም፤ የራሷ ጠጉር ነው።

ከዚያ ወደ ቲያትር ተመለሰች፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመንም ከፈረንሳይ ወጥታ ወደ ደቡብ አሜሪካ ተሻገረች፤ በ1946 በቦነስ አይረስ አረፈች። የፊልሙ የመጀመሪያ ኔጌቲቭ (ቅጂዎች የሚታተሙበት ዋናው የፊልም ጥቅል) በእሳት ወድሞ ስለነበር፣ የመጀመሪያውን ቅንብር የያዘ ቅጂ የተገኘው በ1981 በኖርዌይ ኦስሎ አቅራቢያ፣ በአንድ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ነው። ዛሬ የምናየው ፊልም ከዚያ ቅጂ የታደሰው ነው።