የሕግ ተማሪ የሙዚቃ ሐያሲ ይሆናል?

ጥያቄ፦ የምጽፈው ከደብረ ማርቆስ ነው። ያደግኩት ቅኔ ቤት ነው። አሁን ሕግ እየተማርኩ፣ ማታ ማታ የጀርመናዊውን የሙዚቃ ደራሲ የብራምስን ሥራዎች በስልኬ እሰማለሁ። ስለ ሙዚቃ መጻፍ እፈልጋለሁ፤ ይሆንልኛል?

መልስ፦ ይሆንልሃል እንጂ ወንድሜ! ዝነኛውን የሙዚቃ ሐያሲ ኤድዋርድ ሀንስሊክን ተመልከት። በ1825 እ.ኤ.አ. ፕራግ ተወለደ። ፒያኖ ተምሯል፣ የተመረቀው ግን በሕግ ነው፤ የመንግሥት ሥራ እየሠራ ጋዜጣ ላይ ይጽፍ ነበር። በ1854 ያሳተመው ትንሽ መጽሐፍ ብዙ አከራከረ፣ ምክንያቱም የሙዚቃ ውበት ያለው በድምፆቹ አካሄድ ውስጥ እንጂ በሚቀሰቅሰው ስሜት አይደለም ይላል። ብራምስም ወዳጁ ነበር፤ የፒያኖ ዋልሶቹን (በሦስት ምት የሚሄዱ የዳንስ ሙዚቃዎች ናቸው) መታሰቢያ ያደረገው ለእሱ ነው።

አንተ ሰምና ወርቅ ስትፈታ ነው ያደግከው፣ ይሄ ትልቅ ሀብት ነው። እንግዲህ ስሜትህን ብቻ አትጻፍ። ዜማው የት እንደተነሳ፣ የት ተለውጦ እንደተመለሰ ጻፍ። ዛሬ ማታ ከነዚያ ዋልሶች አንዱን ደጋግመህ ስማ።