«የእግዚአብሔር» የሚለውን ሰምተን «አገልጋይ» የሚለውን ስንውጠው

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን ሰነበቱ? አራዳ አካባቢ በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት መስኮት ላይ ባለጉዳይ አስተናግዳለሁ። የሥራ ባልደረቦቼ ከየብሔረሰቡ ናቸው። ፍቅራችን ደኅና ነው፤ ፖለቲካ ሲነሣ ግን ምሳችን ሳይበላ ይቀዘቅዛል። አንዱ፣ «ይህን ሁሉ ብሔር አንድ ላይ የሚያቆመው መሪው ነው። ሮሜ 13 የእግዚአብሔር አገልጋይ ይለዋልና መተቸት ኃጢአት ነው» ይላል። ሌላዋ፣ «ከእኔ ወገን ላልሆነ መሪ አልጸልይም» ትላለች። እኔም ቅዳሴ ላይ ስለ ሀገር መሪዎች ሲጸለይ አፌ ይያዝብኛል። ደግሞስ እምነቱ ከእኛ ካልሆነ በምን ስሙ ልጥራው?

መልስ፦ ልጄ፣ ስለ ጸሎቱ ሥርዓት አልነግርህም፤ ታውቀዋለህ። የማቆይህ ባልደረባህ በጠቀሳት ጥቅስ ላይ ነው። ይህችን ጥቅስ እንደ እሱ ሲያነቧት ያልሰማሁበት ቦታ የለም፤ ለቅሶ ቤት ድንኳን ውስጥ፣ ሠርግ ላይ፣ ታክሲ ውስጥ ሳይቀር። ሰዉ «የእግዚአብሔር» የምትለው ላይ ድምፁን ከፍ ያደርግና «አገልጋይ» የምትለውን ይውጣታል።

ጳውሎስ በግሪክኛ ሲጽፍ እዚያ ቦታ ላይ ያስቀመጠው ቃል የትኛው መሰለህ? እኛ «ዲያቆን» ብለን የወሰድነው ቃል ነው። ጌታ፣ ገዥ፣ ባለቤት የሚል ቃል ቸግሮት አይደለም። የዘመናችን «ሚኒስትር»ም ከላቲን ሲነሣ ትርጉሙ አገልጋይ ነበር፤ አጃቢ ሲበዛ ትርጉሙ መንገድ ላይ ሳይጠፋ አልቀረም።

ዲያቆን ምን እንደሚሠራ ለማየት ሩቅ አትሂድ። እሑድ ጊዮርጊስ ስታስቀድስ ልብ ብለህ እየው። ሌላውን «ተንሥኡ ለጸሎት» ይላል፤ እሱ ግን ከሌሊት ጀምሮ ቆሟል። መቅደሱ የእሱ አይደለም፣ ሕዝቡም የእሱ አይደለም። ካህኑ ሥጋውን ሲያቀብል እሱ በዕርፈ መስቀል ደሙን ያቀብላል። የሚቀርበው ጉራጌ ይሁን ኦሮሞ፣ ትግሬ ይሁን አማራ ወይም ወላይታ፣ ዕርፉ አንድ ነው፤ ለአንዱ ሞልቶ ለሌላው አያጎድልም። ጽዋውን «ለእኔ ሰፈር ልጆች ነው» ብሎ ይዞ ቢወጣ ምን እንደምንለው ታውቃለህ። እንግዲህ ሮሜ 13ን መሪው የእግዚአብሔር ዲያቆን ነው ብለህ መልሰህ አንብበው፤ ማስፈራሪያ የነበረው ጥቅስ በመሪው ጫንቃ ላይ የወደቀ ሸክም ሲሆን ታየዋለህ። እዚያው ቁጥር ላይ እኮ «ለመልካም ነገር ለአንተ» ይላል። ለአንተ!

የተዛባው ዛሬ አይደለም። ያው ጊዮርጊስ፣ ዘውዲቱ በ1909 ዓ.ም.፣ ኃይለ ሥላሴ ደግሞ ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ዘውድ የጫኑበት ነው። «ሥዩመ እግዚአብሔር» ተባሉ። ሥዩም የተሾመ ማለት ነው፤ የተሾመ ሰው ደግሞ ሿሚ አለው፣ ሿሚም ይጠይቃል። እኛ ግን «የማይጠየቅ» ብለን ሰማነው። የ1948ቱ ሕገ መንግሥትም የንጉሠ ነገሥቱ አካል የተቀደሰ፣ ክብራቸው የማይደፈር ነው ብሎ ደነገገ። መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. እኒያው ንጉሥ በትንሽ ቮልስዋገን ከቤተ መንግሥት ተወሰዱ። በእሳቸው ለመሳለቅ አይደለም፣ ነፍሳቸውን ይማር። አትንኩት ያልነውን ሰው የረዳነው ይመስለናል፤ የሚመክረው ሰው ያጣው ግን በእኛው ዝምታ ነው።

ብዙ ቋንቋ የሚናገርን ሕዝብ አንድ ላይ ማኖር ምን ዓይነት አገልግሎት ነው ብትለኝ፣ የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 6 ላይ ሂድ። ሰው ስለ አንድነት ሲናገር ታላላቅ ቃል ይወዳል። እዚያ ግን ጠቡ የተነሣው በእንጀራ ነው። በየዕለቱ በሚታደለው ምግብ ግሪክኛ ተናጋሪዎቹ መበለቶች እየተዘለሉ ነበርና ወገኖቻቸው አጉረመረሙ። ሐዋርያት «ከፋፋዮች!» አላሏቸውም፤ «ሁላችንም በክርስቶስ አንድ ነን፣ ዝም በሉ» ብለውም አላድበሰበሱትም። ሕዝቡን ሰብስበው ሰባት ሰዎች ምረጡ አሏቸው። የተመረጡትን ቁጠራቸው፦ እስጢፋኖስ፣ ፊልጶስ፣ ጵሮኮሮስ፣ ኒቃሮና፣ ጢሞና፣ ጳርሜና፣ ኒቆላዎስ። ስማቸው ሁሉ የግሪክ ነው! አቤቱታ ባሰማው ወገን ስም የሚጠሩ ሰዎች ማዕዱ ላይ ተሾሙ። መስቀል አደባባይ አጠገብ ስታልፍ የምትሳለመው እስጢፋኖስ፣ ሰማዕት ከመሆኑ በፊት የተሾመው ምግብ ለማደል ነበር።

ተቃራኒውን ደግሞ 1ኛ ነገሥት 12 ላይ ታገኘዋለህ። የሰሎሞን ልጅ ሮብዓም ሊነግሥ ወደ ሴኬም ሄደ። ነገዶቹ መጥተው «አባትህ ቀንበር አክብዶብናል፣ አቅልልልን» አሉት። ሽማግሌዎቹ፣ ዛሬ ለዚህ ሕዝብ አገልጋይ ብትሆን፣ በገርነትም ብትመልስላቸው ዘመንህን ሁሉ ይገዙልሃል ብለው መከሩት። እሱ ግን አብሮ አደጎቹን ሰማ። (አብሮ አደግ ለቡና ጥሩ ነው።) አባቴ በአለንጋ፣ እኔ በጊንጥ እገርፋችኋለሁ አለ። መልሱን ታውቀዋለህ፦ «በዳዊት ዘንድ ምን ክፍል አለን?» አሥሩ ነገድ ወደ ድንኳኑ ተመለሰ፣ ከመንግሥቱም ወጣ። ከዚያም አስገባሪውን አዶራምን ላከባቸው፤ በድንጋይ ወግረው ገደሉት። በመጨረሻ 180,000 ጦር ሰብስቦ ሊመልሳቸው ሲነሣ፣ «ከወንድሞቻችሁ ጋር አትዋጉ» የሚል ቃል በነቢዩ ሸማያ በኩል መጣ። ሮብዓምን የማመሰግነው በዚህች ብቻ ነው፤ ሰምቶ ተመለሰ።

ሕገ መንግሥት አልተረጉምልህም። ኅዳር 29 ቀን 1987 ዓ.ም. የጸደቀው በብሔር ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ስም ይጀምራል፣ አንቀጽ 11 ደግሞ መንግሥትና ሃይማኖት የተለያዩ ናቸው ይላል። አወቃቀሩን ባለሙያዎች ይከራከሩበት። እኔ የምነግርህ፣ የትኛውም አወቃቀር ቢሆን ማዕዱ ላይ የሚቆመው ሰው አዳልቶ ካደለ ሰዉ ወደ ድንኳኑ እንደሚመለስ ነው።

መተቸት ኃጢአት ነው ወይ? አይደለም። ነቢዩ ናታን ንጉሡን ዳዊትን «ያ ሰው አንተ ነህ» ያለው ፊት ለፊት ነው። መሳደብ፣ ሐሜት፣ ስለ አንዱ ሰው ጥፋት ወገኑን ሁሉ መርገም ግን ኃጢአት ነው፤ በዚህ አላባብልህም። አቡነ ጴጥሮስም ሮሜ 13ን ያውቁት ነበር። ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. እዚሁ ከተማችን ውስጥ በፋሺስት ጥይት ሲወድቁ፣ ወራሪውን የእግዚአብሔር አገልጋይ ብለው አልባረኩትም።

አልጸልይም ላለችው እህታችን ይህን ንገርልኝ። አንድ ጊዜ አንድ ምእመን ከቅዳሴ በኋላ ሳቅ እያለ፣ «መምህር፣ የእኔ ሰው ሲሾም እልል እላለሁ፣ የሌላው ሲሾም እግዚኦ እላለሁ» አለኝ። «አገላብጠው» አልኩት። የራስህ ሰው ሲሾም ነው እግዚኦ ማለት፤ ፈተናው ዘመድ ሲከበው ነውና። ሳቁ ቆመ።

አሁን ወደ አንተ ልምጣ። ጥያቄህ ስለ ላይኛው ወንበር ነው፤ አንተ ግን መስኮት ላይ ተቀምጠሃል። ሽማግሌው ፌስታል ውስጥ የጠቀለሉትን ሰነድ እያወጡ «ልጄ» ሲሉህ፣ መጀመሪያ የምትሰማው ጉዳያቸውን ነው ወይስ አነጋገራቸውን? የአገርህን ልጅ ስታይ «ቆይ እኔ ጋ ና» ብለህ ከወረፋው አውጥተህ ታውቃለህ? ካወቅህ፣ ስለ መሪው ያለህን ቅሬታ ከመናገርህ በፊት ለንስሐ አባትህ ይህችን ንገራቸው። እኔም ከዚህ ነጻ አይደለሁም፤ ጉባኤ ላይ በአገሬ ዘዬ ጥያቄ የሚጠይቀኝን ሰው ረዘም አድርጌ እንደምመልስለት አንድ ተማሪ ነግሮኝ አፍሬያለሁ።

በምን ስሙ ልጥራው ላልከው፦ ጳውሎስ ያንን መልእክት ለሮም ሰዎች ሲጽፍ ዙፋኑ ላይ የነበረው ኔሮን ነው። የክርስትና ስም አልነበረውም። እናቱ ባወጣችለት ስም ጥራውና ጸልይለት።