ደጀናችሁ ማነው?

ለልጆቼ፣

ባለፈው ሳምንት ከልምምድ በኋላ አንዱ ልጅ ታኬታውን እየፈታ፣ ቀና ሳይል፣ «ጋሼ፣ ለምን ተከላካይ አደረጉኝ?» አለኝ። ቅር ብሎታል። ሰፈሩ ውስጥ ጎል አግቢው እሱ ነው። ወደ ኋላ መመለሱን እንደ ቅጣት ነው ያየው። እኔም ቸኩዬ ስለነበር «ቁመትህ ለዚያ ይሆናል» ብዬው ሄድኩ። ማታ ግን ነገሩ ከነከነኝ። ልጁ የጠየቀኝ ስለ ቁመቱ አልነበረም። ይህን የምጽፈው ለእሱና እንደ እሱ ላላችሁ ሁሉ ነው።

እኔም በወጣትነቴ ተከላካይ ነበርኩ። ከዚያ ወዲህ ያለውን ዕድሜዬን ታዳጊ ሳሰለጥን ነው ያሳለፍኩት። ስለዚህ ቦታ ብዙ ያስተማረኝን ሰው ግን በአካል አግኝቼው አላውቅም። እንግሊዛዊው ቶኒ አዳምስ ነው።

የአርሰናል ማልያ ለብሳችሁ ልምምድ የምትመጡ ብዙ ናችሁ። ከኤሚሬትስ ስታዲየም ደጅ እጆቹን ዘርግቶ የቆመው ሐውልት የእሱ ነው። አብዛኞቻችሁ ስትወለዱ ግን እሱ ጫማውን ሰቅሏል። ስለዚህ ከሥሩ ልንገራችሁ። ዓመቶቹን የምጽፈው እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው።

በ1966 ተወለደ። ያደገው ከለንደን በስተምሥራቅ ዳገናም ውስጥ ነው። በ1980 ገና ተማሪ ሆኖ አርሰናል ገባ። ለዋናው ቡድን የመጀመሪያ ጨዋታውን ያደረገው በኖቬምበር 1983፣ በ17 ዓመቱ ነው። በአርሰናል የድሮ ሜዳ ሃይበሪ ላይ ከሰንደርላንድ ጋር። ገና በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ኳስ ተነጠቀና ጎል ገባ። አርሰናል 2 ለ 1 ተሸነፈ። እንግዲህ በኋላ 669 ጊዜ ለአርሰናል የተሰለፈው ሰው አጀማመሩ ይህ ነበር።

አጥቂ አምስት ስቶ አንድ ቢያገባ በትከሻ ተሸክመን እንወጣለን። ተከላካይ ግን ሰማንያ ዘጠኝ ደቂቃ በትክክል ሠርቶ አንዴ ከተሳሳተ የሚታወሰው በዚያችው ነው። ይህን ቀድማችሁ እወቁት። ደስ አይልም፤ ግን የቦታው ጠባይ ነው።

አዳምስ ይህን በደንብ ቀምሶታል። በ1988 መጀመሪያ፣ በ21 ዓመቱ አምበል ሆነ። በዚያው ዓመት በአውሮፓ ዋንጫ ላይ ከሆላንዱ ቫን ባስተን ጋር ተፋጠጠ። ቫን ባስተን ሦስት አገባ። እንግሊዝ 3 ለ 1 ተሸነፈች። ሰው ሁሉ ጣቱን ወደ አዳምስ ቀሰረ። በቀጣዩ ዓመት ኤፕሪል ላይ አርሰናሎች ኦልድትራፎርድ ሄደው ከማንችስተር ዩናይትድ ጋር 1 ለ 1 ወጡ። ሁለቱንም ጎል ያገባው አዳምስ ነበር፤ አንዱን ለቡድኑ፣ አንዱን በራሱ ላይ። በማግስቱ ዴይሊ ሚረር ጋዜጣ ፎቶው ላይ የአህያ ጆሮ ቀጥሎ አወጣው። ከዚያ ወዲያ በየስታዲየሙ የአህያ ድምፅ ይጮኹበት ጀመር። የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል አይደል? ለዓመታት ነው የጮኹበት።

ሁለት ወር ሳይሞላ፣ ሜይ 26 ቀን 1989፣ አርሰናል አንፊልድ ሄደ። የሊጉን ዋንጫ ለመውሰድ ሊቨርፑልን በገዛ ሜዳው በሁለት ጎል ልዩነት ማሸነፍ ነበረበት። አሰልጣኙ ጆርጅ ግራሃም አንጋፋውን ዴቪድ ኦሊሪን ጨምሮ በአምስት ተከላካይ ገባ። ማይክል ቶማስ በመጨረሻው ደቂቃ ሁለተኛውን አገባ። 2 ለ 0። ያን ዋንጫ ያነሳው አህያ የተባለው የ22 ዓመት አምበል ነው።

እኔን ከአንፊልዱ ምሽት ይበልጥ የሚገርመኝ የዘወትር ሥራቸው ነው። ግራሃም የተከላካይ መስመሩን ቀን በቀን ያለማምድ ነበር። ቀኝ ሊ ዲክሰን፣ ግራ ናይጀል ዊንተርበርን፣ መሐል አዳምስና ስቲቭ ቦልድ። አራቱ በአንድ ገመድ የታሰሩ ይመስል አብረው ይወጣሉ፣ አብረው ይመለሳሉ። ኳሱ ወደ ግራ ሲሄድ ሁሉም ወደ ግራ ይጠጋሉ። አንዱ ሰው ሊይዝ ሲወጣ ጎኑ ያለው የተወውን ቦታ ይሞላል። በአንድ እርምጃ ወደ ፊት ወጥተው አጥቂውን ከጨዋታ ውጪ ያስቀሩታል። አዳምስም እጁን ወደ ላይ ያነሳል። የድሮ ቪዲዮ ካገኛችሁ ያችን እጅ እዩ። በ1990–91 የውድድር ዘመን በ38 ጨዋታ የገባባቸው 18 ጎል ብቻ ነው።

አዳምስ ፈጣን አልነበረም። በሩጫ የሚበልጡት አጥቂዎች ሞልተው ነበር። ግን ወደ ኳሱ ሲሄድ ከኋላው ቦልድ እንዳለ ያውቃል። ቦልድም ሲሄድ አዳምስ አለ። በአማርኛ ለዚህ ግሩም ቃል አለን፤ ደጀን። የጥንት ተዋጊ ወደ ፊት የሚሄደው ከኋላው ደጀን ሲኖረው ነው። እናንተም ሜዳ ላይ «ከኋላህ አለሁ!» ስትባባሉ እየሰማሁ ደስ ይለኛል። ተከላካይነት ማለት ለእኔ እሱ ነው። ሸርተቴውም ቴስታውም ከዚያ በኋላ ይመጣል።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር ልምጣ።

ይህ ሰው ሜዳ ውስጥ ያለ ደጀን አንድ እርምጃ አይሄድም ነበር። ከሜዳ ውጪ ግን ብቻውን ነበር። ይጠጣል። በዚያ ዘመን እንግሊዝ ውስጥ ተጫዋች መጠጣቱ እንደ ነውር አይታይም። አርሰናል ቤት ማክሰኞ ከልምምድ በኋላ አብረው የሚወጡ ተጫዋቾች ነበሩ፤ ረቡዕ እረፍት ነበርና። «የማክሰኞ ክለብ» ይባሉ ነበር። ለአንዳንዱ መዝናኛ ነበር። ለአዳምስ ግን በሽታ ሆነ። አብሮት የሚጠጣ ሰው ሞልቶ ነበር። «ከኋላህ አለሁ» የሚለው ግን አልነበረም። ወይም ቢኖርም እሱ አልጠራውም።

በሜይ 1990 ጠጥቶ ሲነዳ መኪናውን ከግድግዳ ጋር አጋጨ። ሲመረመር ደሙ ውስጥ የነበረው አልኮል ሕጉ ከሚፈቅደው ከአራት እጥፍ በላይ ነበር። በዲሴምበር አራት ወር ተፈረደበት። የአርሰናል አምበል በገና ሰሞን ቼልምስፎርድ እስር ቤት ገባ። ሁለት ወር ገደማ ታስሮ በፌብሩዋሪ 1991 ወጣ። በዚያ የውድድር ዘመን አርሰናል በሊጉ የተሸነፈው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ በቼልሲ። ያን ዕለት አዳምስ እስር ቤት ነበር።

አንዳንዶቻችሁ ይህን ታሪክ «እየጠጣ ዋንጫ ወሰደ» ብላችሁ ታወሩታላችሁ። ሰምቻለሁ። አልወደድኩትም። ያን ቀን ከግድግዳው ፊት ሰው ቆሞ ቢሆንስ? ይህ መንገድ ዳር ኳስ እያንከባለልን ላደግን ሰዎች ተረት አይደለም። ደግሞም ከእስር ወጥቶ መጠጡን አልተወም። ዋንጫ እያነሳ፣ ለአገሩ እየተጫወተ፣ ውስጡ እየፈረሰ አምስት ዓመት ተኩል ቆየ። እስር ያላስቆመው ነገር ነበር።

በ1996 የአውሮፓ ዋንጫ እንግሊዝ ውስጥ ተዘጋጀ። አዳምስ የአገሩ አምበል ነበር። በግማሽ ፍጻሜው በጀርመን በሪጎሬ ተሸነፉ። ከዚያ በኋላ ሳምንታት ጠጣ። ኦገስት አጋማሽ ላይ አቆመ። በሴፕቴምበር የቡድን ጓደኞቹን ሰብስቦ የአልኮል ሱሰኛ መሆኑን ነገራቸው። ከዚያ ለሕዝብ ተናገረ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም። የ29 ዓመት ሰው ነው። የአርሰናል አምበል ነው፤ አገሩንም በአምበልነት መርቷል። አህያ ተብሎ የተጮኸበት ነው። «በሽታ አለብኝ፣ ብቻዬን አልቻልኩትም» ሲል በየስታዲየሙ ምን ሊዘፈንበት እንደሚችል ያውቃል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይላሉ አባቶቻችን። እሱ አወጣው። እኔ በእግር ኳስ ካየኋቸው ድፍረቶች ሁሉ ይህን አስቀድማለሁ።

በዚያው ሰሞን አዲሱ አሰልጣኝ አርሰን ቬንገር መጣ። አምበልነቱን አልነጠቀውም። አመጋገቡን፣ እረፍቱን፣ ማፍታቻውን ቀየረለት። በ1997 መጨረሻ ቁርጭምጭሚቱ አስቸግሮት ኳስ ለማቆም ሁሉ ሲያስብ፣ ቬንገር ወደ ደቡብ ፈረንሳይ ልኮ እንዲያገግም አደረገው። አዳምስ ተመለሰ። አርሰናል ከኋላ ተነስቶ ጨዋታ በጨዋታ እያሸነፈ ዩናይትድን ደረሰበት።

ሜይ 3 ቀን 1998 ሃይበሪ ላይ ኤቨርተንን ገጠሙ። ዋንጫው እጃቸው ገብቷል፤ 3 ለ 0 ይመራሉ። ጨዋታው ሊያልቅ ሲል አዳምስ የተከላካይ መስመሩን ትቶ ወደ ፊት ሮጠ። ኳሱን ከላይ ያሻገረለት ማን መሰላችሁ? ቦልድ ነው። መሐል ተከላካይ ለመሐል ተከላካይ! አዳምስ በደረቱ አበረደና በግራ እግሩ መታው። 4 ለ 0። ከዚያ እጆቹን ዘርግቶ ዝም ብሎ ቆመ። ሐውልቱ ያን ቅጽበት ነው የያዘው። በዚያ ዓመት ሊጉንም፣ የእንግሊዝን የጥሎ ማለፍ ዋንጫ ኤፍኤ ካፕንም ወሰዱ። በ2002 ደግሞ ሁለቱንም ደገሙና ጫማውን ሰቀለ። በሦስት የተለያዩ አሥርት ዓመታት ሊግ ያሸነፈ አምበል ሆነ። ሌላ ክለብ አልለበሰም።

በ2000 ስፖርቲንግ ቻንስ የሚባል ማእከል አቋቋመ። በመጠጥ፣ በአደንዛዥ ዕፅ፣ በቁማርና በአእምሮ ጭንቀት የተያዙ ስፖርተኞች የሚታከሙበት ነው። ቁማር የሚለውን ልብ በሉልኝ። በየሰፈራችን የስፖርት ውርርድ ቤት በር ላይ ቲኬት ይዛችሁ ስትቆሙ አያችኋለሁ። ጫት ቤቱንም አውቀዋለሁ። ልሰድባችሁ አይደለም የማነሳው። ለምን እንደማነሳው አሁን እነግራችኋለሁ።

ከብዙ ዓመት በፊት አንድ መሐል ተከላካይ ነበረኝ። ስሙን አልጽፍም። ኳስ ማንበብ ተሰጥቶታል። አጥቂው ሳይነሳ እሱ ደርሶ ይጠብቀዋል። አንድ ሰሞን ማርፈድ አመጣ። ከዚያ አንድ ጠዋት መጠጥ እየሸተተ መጣ። እኔ ምን አደረግሁ? በጓደኞቹ ፊት ማልያውን አስወልቄ አባረርኩት። ስለ ዲሲፕሊን ረጅም ንግግር አደረግሁ። ልጁ አንድ ቃል አልመለሰልኝም። ማልያውን አጣጥፎ መሬት ላይ አስቀምጦ ሄደ። አባቱ መሞቱን የሰማሁት ከወራት በኋላ ነው። የት እንደሚያድር፣ ምን እንደሚበላ ጠይቄው አላውቅም ነበር። ሜዳ ላይ «ጎንህ ያለውን ሸፍን» እያልኩ የምጮህበት እኔ፣ እሱን ግን አልሸፈንኩትም። ቤቱ ሄጄ ፈለግሁት። ሰፈር ለቅቆ ነበር።

የአዳምስን ታሪክ የያዝኩት ከዚያ ወዲህ ነው። ስለዚህ ተከላካይ ሳደርጋችሁ ሌላውን ልትሸፍኑ ብቻ አይደለም። በሌላው መሸፈንንም ትለምዱ ዘንድ ነው። ሁለተኛው ከመጀመሪያው ይከብዳል። ጠንካራ ልጆች «ድረሱልኝ» ማለት ያሳፍራቸዋል። እኔንም ያሳፍረኝ ነበር። ግን ሜዳ ላይ «ያዝልኝ!» ብሎ መጮህ ካላሳፈራችሁ፣ ከሜዳ ውጪ ለምን ያሳፍራችኋል?

ከመካከላችሁ የተለወጠ ጓደኛ ያለው ካለ ዝም አይበለው። አብሮት መጠጣትም፣ መወራረድም፣ ለአሰልጣኝ መደበቅም ጓደኝነት የሚመስል ዕድሜ ላይ ናችሁ። አውቃለሁ። ሂዱና ጠይቁት። አንዴ ብቻ አይደለም፤ ደጋግማችሁ። በመጀመሪያው ቀን ማንም እውነቱን አይናገርም።

ማክሰኞ ማክሰኞ ከልምምድ በኋላ ኳሶቹን ቆጥሬ ከረጢት ውስጥ የምከተው ራሴ ነኝ። «ጋሼ፣ እኛ እንሰብስብ» ስትሉኝ እምቢ የምለው ሆን ብዬ ነው። ግማሽ ሰዓት ይወስድብኛል። ሜዳው ባዶ ይሆናል፣ የሚሰማን ሰው የለም። የምትነግሩኝ ነገር ካለ ያኔ ኑ። ከሌላችሁም ኑ፣ ኳስ ታቀብሉኛላችሁ።

አንተ ደግሞ ታኬታህን እየፈታህ የጠየቅኸኝ ልጅ፣ ቅዳሜ 6 ቁጥር ለብሰህ መሐል ትገባለህ። ከጎንህ የሚቆመውን ልጅ መርጫለሁ። እሱም ዛሬ ይህን ደብዳቤ እያነበበ ነው። ከጨዋታው በፊት አናግረው።