የቋንቋ ጥያቄና መልስ፦ ቃልዎ መዝገብ ላይ ሲሰፍር

ሰሞኑን ከደረሱን ጥያቄዎች አምስቱን መርጠናል። አንዱ ስለ ሐሳብ፣ የቀሩት ስለ ደብዳቤ፣ ስለ ቃለ መጠይቅ፣ ስለ ሆስፒታልና ስለ ችሎት ናቸው።

ጥያቄ፦ «የምንናገረው ቋንቋ አስተሳሰባችንን ይወስነዋል» ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው? (ተማሪ፣ ከባሕር ዳር)

መልስ፦ «ይወስነዋል» ማለት ማጋነን ነው። ሐሳቡን ያስፋፋው አሜሪካዊው ቤንጃሚን ሊ ዎርፍ ነው፤ የዕለት እንጀራው የእሳት አደጋ መድን ተቆጣጣሪነት ነበር። የሆፒ ሕዝብ (የአሜሪካ ነባር ሕዝብ ናቸው) ቋንቋ ጊዜን የሚገልጽበት ቃልም ሰዋስውም የለውም ብሎ ጽፏል። እ.ኤ.አ. በ1983 የቋንቋ አጥኚው ኤክሃርት ማሎትኪ የሆፒን የጊዜ አገላለጾች ሰብስቦ በዳጎሰ መጽሐፍ ሲያወጣቸው ያ አባባል ፈረሰ።

ተፈትነው የቆሙት ግኝቶች አነስ ያሉ ናቸው። ሩሲያኛ ለጠቆረውና ለፈካው ሰማያዊ ሁለት የተለያዩ ስሞች አሉት። እ.ኤ.አ. በ2007 በታተመ ጥናት ሩሲያኛ ተናጋሪዎች ከሁለቱ ስም ድንበር ወዲህና ወዲያ ያሉ ቀለማትን ፈጠን ብለው ለዩ። በዚያው ቅጽበት ቁጥሮችን በልባቸው እንዲይዙ ሲደረግ ግን ፍጥነታቸው ጠፋ። ቃሉ ዓይናቸውን አልለወጠውም ማለት ነው፤ ቃሉ የሚያግዛቸው ልባቸው በሌላ ቃል ሳይያዝ ብቻ ነው። በሰሜን አውስትራሊያ ፖርምፑራው የሚኖሩት የኩክ ታዮሬ ተናጋሪዎች ደግሞ «ግራ» እና «ቀኝ» ሳይሆን ምሥራቅና ምዕራብ እያሉ ስለሚናገሩ፣ አንድ ሰው ከልጅነት እስከ እርጅና የሚታይባቸውን ሥዕሎች ደርድሩ ሲባሉ ወደየትም ዞረው ይቀመጡ ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ የመደርደር ዝንባሌ አሳይተዋል።

እነዚህ ግኝቶች ደስ ይላሉ፤ የማንንም ኑሮ ግን አያናጉም። ኑሮ የሚያናጋው ማን ጠየቀ፣ በምን ቃል ጠየቀ፣ መልሱን ማን ጻፈው የሚለው ነው። የቀሩት ጥያቄዎች ሁሉ ወደዚያ ይሄዳሉ።

ጥያቄ፦ ከአንድ መሥሪያ ቤት «ጥያቄዎ ታይቶ ተቀባይነት እንዳላገኘ እንገልጻለን» የሚል ደብዳቤ ደረሰኝ። ማን እንዳየው፣ ማን እንደከለከለኝ የለበትም። የአጻጻፍ ልማድ ነው ወይስ ሆን ተብሎ ነው? (ከአዳማ)

መልስ፦ ልማድ ነው፤ ልማዱ ግን ለጸሐፊው ይመቻል። «ተወስኗል»፣ «ታግዷል»፣ «እርምጃ ተወስዷል» ሲባል ሰዋስዉ ሙሉ ነው፣ አድራጊው ግን የለም። የሥነ ልቦና ተመራማሪዎቹ ካትሊን ፎሲና ሌራ ቦሮዲትስኪ እንግሊዝኛና ስፓኒሽ ተናጋሪዎችን አጫጭር ፊልም አሳይተው ነበር። ሳይታሰብ የደረሰን አደጋ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹ «ሰበረው» እያሉ፣ ስፓኒሽ ተናጋሪዎቹ ብዙ ጊዜ «ተሰበረ» እያሉ ነገሩ። በኋላ ማን እንደሰበረው ሲጠየቁ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹ የተሻለ አስታወሱ። ሆን ተብሎ በተደረገው ላይ ግን ልዩነት አልታየም። አማርኛ ጥናቱ ውስጥ አልነበረም፤ «ብርጭቆው ተሰበረ» ማለት ለእኛም ቀላል መሆኑን ግን ማንም ቤት ውስጥ ልጅ ያለው ሰው ያውቃል።

መልስ ሲጽፉ «ለምን ተከለከለ?» ብለው አይጠይቁ፤ ሌላ «ተ» ያለበት ደብዳቤ ይመጣልዎታል። አድራጊውን በቀጥታ ይጠይቁ፦ «ውሳኔውን የሰጠው የትኛው ክፍል ወይም ኮሚቴ ነው?» ቀጥለው ውሳኔው የተሰጠበትን ቀንና የቃለ ጉባኤ ቁጥር፣ የተጠቀሰበትን የአዋጅ ወይም የመመሪያ አንቀጽ፣ ቅሬታ ለማን በስንት ቀን ውስጥ እንደሚቀርብ ይጠይቁ። አራት መስመር ይበቃል፤ ሁለት ገጽ ምሬት ከጻፉ አራቱ ጥያቄዎች እዚያው ውስጥ ይቀበራሉ። ደብዳቤውን ለመዝገብ ቤት ሰጥተው በእጅዎ በሚቀረው ቅጂ ላይ ገቢ የሆነበትን ቁጥርና ቀን ያስመቱ።

ዜናም በዚሁ ዓይን ይነበባል። እርሳስ ይዘው በ«ተ» የሚጀምሩትን ግሦች ያስምሩና ጎናቸው ላይ «በማን?» ብለው ይጻፉ። ጥንቃቄ ግን ያስፈልጋል፤ «ተናገረ»፣ «ተቀመጠ»፣ «ተማረ» በ«ተ» ቢጀምሩም አድራጊያቸው ተደብቆ አይደለም። አድራጊው በእውነት ሳይታወቅ ሲቀርም «ተገደሉ» ማለት ተገቢ ዘገባ ነው። አድራጊው በሦስተኛው አንቀጽ ላይ በስሙ ተጠቅሶ አርዕስቱ ላይ ሲጠፋ ነው መጠርጠር።

ጥያቄ፦ እኅቴ በጥገኝነት ቃለ መጠይቅ ላይ በአስተርጓሚ ተናግራ ነበር። ውሳኔው ሲመጣ «ቃልሽ እርስ በርሱ ይጋጫል» ይላል። እሷ የተናገረችው አንድ ታሪክ ነው። አስተርጓሚው በድሏት ይሆን? (ከፍራንክፈርት)

መልስ፦ አስተርጓሚ ሳይበድልም ቃል ይጋጫል። ከአማርኛ ሲተረጎም በተደጋጋሚ የሚሰበሩ ቦታዎች አሉ፤ የእኅትዎን መዝገብ ይዘው አንድ በአንድ ይመልከቱ።

መጀመሪያ ዓመተ ምሕረቱን። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ሦስተኛ ሳምንት ገደማ ላለው ጊዜ የሚጨመረው 7 ዓመት ነው፣ ከዚያ እስከ ጳጉሜን 8 ዓመት። ብዙ ሰው፣ አስተርጓሚም ጭምር፣ ለሁሉም 8 ይጨምራል። ሰውዬው በጥቅምት 2012 ታስሮ በጥር 2012 አገር ለቅቋል እንበል። በትክክል ሲሰላ እስሩ በ2019 መጨረሻ፣ ስደቱ በ2020 መጀመሪያ ይውላል። ለሁለቱም 8 ከተጨመረ ግን አገር ከለቀቀ ከወራት በኋላ የታሰረ ሰው ይሆናል። ቀኑን የሚናገረው ሰው በራሱ አይቀይር፤ «በኢትዮጵያ አቆጣጠር» ብሎ ይናገር፣ መዝገቡ ላይም እንደዚያው ይጻፍ፣ ቅየራው በቅንፍ ይግባ።

ሰዓቱም እንዲሁ ነው። «ከምሽቱ 2 ሰዓት» 20፡00 መሆኑን አስተርጓሚዎች አይስቱትም። የሚስቱት ሌሊቱን ነው። «ሐሙስ ሌሊት 8 ሰዓት መጡ» ያለ ሰው ብዙ ጊዜ ሐሙስ ለአርብ አጥቢያ ማለቱ ነው፤ በአውሮፓ መዝገብ ያ አርብ 02፡00 ነው። ሌላ ምስክር «አርብ» ካለ ሁለቱም እውነት ተናግረው ይጋጫሉ። «ለአርብ አጥቢያ» የሚለውን አነጋገር አይተዉት፤ ከአማርኛ ሁሉ ለዚህ ሥራ የሚበጀው እሱ ነው።

አሁን ብዙ ሰው ወደማያስተውለው እንምጣ። በአማርኛ አክብሮት የብዙ ቁጥርን ግሥ ይዋሳል። «ኮማንደሩ ገቡ፤ ከዚያ መቱኝ» ሲባል የመታው አንድ ሰው ነው ወይስ ብዙ? ሰሚው ከድምፅና ከነገሩ ይረዳል፤ መዝገቡ ላይ ግን «መቱኝ» «ብዙ ሰዎች መቱኝ» ሆኖ ሊገባ ይችላል። በሌላ ቀን ያው ሰው «እሱ ነው የመታኝ» ካለ፣ ጠያቂው የሚያየው ብዙ የነበሩት ደብዳቢዎች አንድ መሆናቸውን ነው። የሚያሳዝነው፣ የተበደለው ሰው በዳዩን «አንቱ» እያለ መናገሩ የሥልጣኑን ልክ የሚያሳይ ማስረጃ ሆኖ ሳለ ተርጉመው ሲጨርሱ የሚቀረው ግጭት ብቻ መሆኑ ነው። መፍትሔው ቁጥርና ስም ነው፦ «ኮማንደሩ ብቻውን መታኝ፤ ሁለት ወታደሮች በር ላይ ቆመው ነበር።» በዚያ ክፍል ውስጥ «አንቱታ» ቢቀር ነውር አይደለም።

ዝምድናም አለ። የአክስት ልጅ «ወንድሜ»፣ ያሳደገ አጎት «አባቴ» ይባላል። «የአንድ እናትና አባት ልጆች ነን» ወይም «የእናቴ ወንድም ነው» ተብሎ መነገር አለበት። የአባት ስምን የቤተሰብ ስም አድርጎ የሚሞላው ቅጽም እናት፣ አባትና ልጅ ሦስት የተለያየ የቤተሰብ ስም ያላቸው ያስመስላቸዋል፤ የኢትዮጵያን የስም አሰጣጥ ከመጀመሪያው ማስረዳት ይበጃል።

በአሉታ ሲጠየቁ ደግሞ «ፖሊስ ጣቢያ አልሄዱም?» ለሚለው ብዙዎቻችን «አዎ» እንላለን፤ «አዎ፣ አልሄድኩም» ማለታችን ነው። ጀርመንኛና እንግሊዝኛ በዚህ ቦታ «አይ» ነው የሚሉት። ስለዚህ «አዎ» ወይም «አይ» ብሎ ማቆም የለም። «ፖሊስ ጣቢያ አልሄድኩም» ብሎ ግሡን መድገም ነው።

የጠያቂው ቃልም የራሱ ጉልበት አለው። እ.ኤ.አ. በ1974 የሥነ ልቦና ተመራማሪዎቹ ኤሊዛቤት ሎፍተስና ጆን ፓልመር የመኪና ግጭት ፊልም አሳይተው ፍጥነቱን ጠየቁ። «ሲነካኩ» የተባሉት በአማካይ 31.8 ማይል በሰዓት ገመቱ፤ «ሲጋጩ» የተባሉት 34፣ «ተላትመው ሲደቁ» የተባሉት 40.8። በሌላ ሙከራ ከሳምንት በኋላ የተሰበረ መስታወት አይታችኋል ወይ ተብለው «ተላትመው» ከተባሉት 50 ሰዎች 16ቱ፣ «ሲጋጩ» ከተባሉት 50 ደግሞ 7ቱ አይተናል አሉ። ፊልሙ ውስጥ የተሰበረ መስታወት አልነበረም። «ገፋኝ» ያለውን «ደበደበኝ»፣ «ያዙኝ» ያለውን «አፈኑኝ» የሚያደርግ አስተርጓሚ፣ ለማገዝ ቢያስብም፣ በሚቀጥለው ቃል ላይ ግጭት እየተከለ ነው።

እኅትዎ እንደገና የምትቀርብ ከሆነ ከመጀመሩ በፊት ከአስተርጓሚው ጋር ሁለት ሦስት ዓረፍተ ነገር ትነጋገርና መግባባታቸውን ታረጋግጥ፤ ካልተግባቡ ያኔውኑ ትናገር፣ መዝገብ ላይም ይግባ። ስትናገር በሁለት ወይም ሦስት ዓረፍተ ነገር እየቆመች ታሳልፍለት። እሷ ረዥም ተናግራ እሱ በአንድ መስመር ከጨረሰ አሳጥሯል፤ «እኔ» ብላ የተናገረችውን «እሷ እንደምትለው» ካለም መስመር ስቷል። መጨረሻ ላይ መዝገቡ በአስተርጓሚው በኩል መልሶ ሲነበብ ድካምና ችኮላ ብዙ ሰው «ይሁን» ያሰኛል። ሦስት ሰዓት ቢፈጅም እያንዳንዱን ቀን፣ ቁጥርና ስም አድምጣ ሳታስተካክል አትፈርም። ላለፈው ውሳኔ ደግሞ የይግባኙ ቀን ሳያልፍ፣ ከላይ ካነሳናቸው የትኛው እንደተሰበረ በገጽና በመስመር አመልክታችሁ ለጠበቃ ስጡ። «አስተርጓሚው መጥፎ ነበር» የሚል ጥቅል አቤቱታ አያስኬድም።

ጥያቄ፦ እናቴን ሐኪም ቤት የሚያስተረጉምላት የ11 ዓመት ልጄ ነው። እንግሊዝኛው ከእኔ ይበልጣል። ችግር አለው? (ከሲልቨር ስፕሪንግ)

መልስ፦ አለው። የልጁ እንግሊዝኛ የትምህርት ቤት ነው፤ የሕመሙን አማርኛ አያውቅም። እትዬ «ኩላሊቴን» ሲሉ ወገባቸውን ወይም ጎናቸውን ማለታቸው ሊሆን ይችላል፣ «ልቤን ያቃጥለኛል» ሲሉም ጨጓራቸውን። አዋቂ አስተርጓሚ «በእጅዎ ያሳዩ» ብሎ ይጠይቃል፤ ልጅ ኩላሊትና ልብ ብሎ ያሳልፈዋል። ከዚህ የከፋው ደግሞ ክፉ ዜና መጀመሪያ የሚሰማው እሱ መሆኑ ነው፤ አያቱን እንዳያስደነግጥ ብሎም ይቀንሳል። አያትም በልጅ ልጃቸው ፊት የማይናገሩት ሕመም አለ።

በአሜሪካ የፌዴራል ገንዘብ የሚቀበል ሆስፒታል እንግሊዝኛ ለማይችል ታካሚ በነጻ ብቁ አስተርጓሚ ማቅረብ አለበት። እ.ኤ.አ. በ2016 የወጣው የጤና ደንብም፣ ለደኅንነት የሚያሰጋ ድንገተኛ ነገር ደርሶ ሌላ ሰው ከታጣ በቀር፣ ልጅን ማስተርጎሚያ ማድረግን ከልክሏል። ቀጠሮ ሲይዙ «አማርኛ አስተርጓሚ» ይበሉና ፋይሉ ላይ ይጻፍ፤ በዕለቱ ከጠየቁ ብዙውን ጊዜ የሚገኘው በስልክ የሚያስተረጉም ነው፣ እሱም ይበቃል። መድኃኒቱን «በቀን 3 ጊዜ» ብቻ ብለው እንዳይለቋችሁ፤ በስንት ሰዓቱ፣ ከምግብ በፊት ወይስ በኋላ የሚለውን እትዬ በራሳቸው ቃል ለሐኪሙ ደግመው ይናገሩ። ልጁ አብሯቸው ቢገባና እጃቸውን ቢይዝ ማንም አይከለክለውም።

ጥያቄ፦ ችሎቱ የሚካሄድበትን ቋንቋ ገበያ የሚያግባባኝ ያህል ብቻ ነው የምችለው። የአጎቴ ልጅ ላስተርጉምልህ ብሎኛል። ይሆናል? (ከድሬዳዋ)

መልስ፦ አይሆንም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 126 አስተርጓሚውን የሚመርጠው ፍርድ ቤቱ እንደሆነ ይደነግጋል፤ የተከሳሽ ወይም የዐቃቤ ሕግ ዘመድ፣ ወይም በጉዳዩ ምስክር የሆነ ሰው አይመረጥም። ገበያ የሚያግባባ ቋንቋ ለክስ አይበቃም፤ ዋጋ መጠየቅ ሌላ፣ «አስቦበት» እና «በቸልተኝነት» የሚሉትን መለየት ሌላ። ስለዚህ «ትንሽ ትንሽ እሰማለሁ» አይበሉ፣ መዝገብ ላይ «ቋንቋውን ያውቃል» ተብሎ ሊሰፍር ይችላል። ከቀጠሮው በፊት ለሬጅስትራሩ በየትኛው ቋንቋ፣ ካስፈለገም በየትኛው አካባቢ አነጋገር እንደሚፈልጉ ያስመዝግቡ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 የተያዘ ሰው የተያዘበትን ምክንያት በሚገባው ቋንቋ እንዲነገረው፣ አንቀጽ 20(7) ደግሞ ተከሳሽ በመንግሥት ወጪ እንዲተረጎምለት የመጠየቅ መብት ይሰጣሉ። ተከሳሽ ሆነው ለአስተርጓሚ ክፈሉ ከተባሉ እዚያው ችሎት ላይ ለዳኛው ይናገሩ።